«የእማሆይ ራዲዮ አልጋዬ ሥር ነው፤ እኔ ወደ ፊልም ሥራ ልሂድ?»

ጥያቄ

ይድረስ ለምክር ዓምድ አዘጋጅ፤

የ27 ዓመት ሴት ነኝ። ተወልጄ ያደግሁት ደብረ ማርቆስ ነው። የተማርኩት አርክቴክቸር ሲሆን አሁን በከተማችን አስተዳደር የግንባታ ፕላን ከሚመረምሩት ሠራተኞች አንዷ ነኝ። ሥራው አይከፋም። ጠዋት እገባለሁ፣ የሰው ፕላን አያለሁ፣ የጎደለውን ጽፌ እመልሳለሁ፣ ማታ እወጣለሁ። ከደመወዜ ላይ ዩኒቨርሲቲ ላለው ታናሽ ወንድሜ በየወሩ እልክለታለሁ። አባቴ ጡረታ የወጣ መምህር ነው፤ እናቴ ቤት ናት።

ባለፈው ዓመት ከአዲስ አበባ የመጣ የቴሌቪዥን ድራማ ቡድን እኛ ሰፈር ሲቀርጽ ሰነበተ። ታሪኩ በደርግ ጊዜ የሆነ ነው። የቡድኑ አርት ዳይሬክተር፣ ማለትም የቀረጻውን ቤትና ዕቃ የምታሰናዳው፣ ሴት ናት፤ አሮጌ ቤት ስታፈላልግ ሰዎች እኔን ጠቆሟት። የዓመት ፈቃዴን ወስጄ አብሬያት ዋልኩ አመሸሁ። ቤት አሳየኋት፣ ከጎረቤት ዕቃ ለመንኩላት፤ ሞሰብ፣ ጋን፣ የብረት አልጋ፣ በመስታወት የተሠራ የሠርግ ፎቶ ሳይቀር። አንድ ቀን ተዋናዩ ገንዘብ ሲቆጥር ከብሩ መሀል የሁለት መቶ ብር ኖት አየሁና ለዳይሬክተሩ ነገርኩት። ሰዉ ሁሉ ሳቀ። እሱ ግን ቀረጻውን አስቁሞ «አንቺን ከየት ነው ያመጡልን?» አለኝ። እንደዚያ ቀን ደስ ብሎኝ አያውቅም።

ችግሩ ከዚህ በኋላ ነው። ጎረቤታችን እማሆይ የሟች ባላቸውን ራዲዮ አውሰውኝ ነበር፤ ባለ እንጨት ሳጥን የድሮ ፊሊፕስ ነው። ቀረጻው አልቆ ዕቃው በጥድፊያ ፒክአፕ ላይ ሲጫን ሰው ሁሉ እያየ ወደቀ። ሳጥኑ ተሰነጠቀ፣ የፊቱ መስታወት ረገፈ። የፕሮዳክሽን ማናጀሩ «አሠርተን እንልካለን፣ ካልሆነም ዋጋውን እንከፍላለን» አለ። ራዲዮውን እንኳ ሳይወስዱት ሄዱ። መጀመሪያ ስደውል «በዚህ ሳምንት» ይለኝ ነበር፤ አሁን ስልኩን አያነሳም። ራዲዮው በጆንያ ተጠቅልሎ አልጋዬ ሥር ተቀምጧል። ለእማሆይ «ጥገና ላይ ነው» ብያቸዋለሁ። ከቅዳሴ ሲመለሱ ካየኋቸው መንገድ እለውጣለሁ።

አሁን አርት ዳይሬክተሯ ደወለችልኝ። ለሌላ ድርጅት አዲስ ተከታታይ ድራማ ይዛለች። «ረዳቴ ሆነሽ ነይ፣ ነገ ፕሮዳክሽን ዲዛይነር ትሆኛለሽ» አለችኝ። ክፍያው የወር ደመወዝ አይደለም፤ በሥራው ነው። ለአባቴ ስነግረው «አምስት ዓመት የተማርሽው የሰው ዕቃ ለማመላለስ ነው? የእማሆይን ራዲዮ ያላስመለሰ ሥራ አንቺን ምን ያደርግሻል?» አለኝ። መልስ አጣሁ። እናቴ ዝም ብላለች፤ የእሷ ዝምታ ይብሳል። ልሂድ ወይስ ልቅር? ይህ ነገር እውነት ሙያ ነው? እንጀራስ ይሆናል?

ግራ የገባኝ፣ ከደብረ ማርቆስ


መልስ

እህቴ፣ ደብዳቤሽ ውስጥ ያንቺም የአባትሽም ጥያቄ አለ። እውነቱን ልንገርሽና የአባትሽ በልጦብኛል። «የእማሆይን ራዲዮ ያላስመለሰ ሥራ አንቺን ምን ያደርግሻል?» ያሉት ሊያስቀሩሽ ብለው ይሆናል፤ እኔ ግን ለውሳኔሽ ከዚህ የተሻለ መለኪያ አላገኘሁልሽም። ስለዚህ ከራዲዮው ልጀምር፤ ወደ ሙያው እመለሳለሁ።

እማሆይ ራዲዮው መሰበሩን በእርግጥ አያውቁም? ሰው ሁሉ እያየ ወደቀ ብለሻል። በሰፈር እንዲህ ያለ ወሬ ስንት ቀን ይደበቃል? ምናልባት ያን ዕለት ማታውኑ ሰምተው፣ ከአንቺ አፍ እስኪሰሙ እየጠበቁ ይሆናል። ይህን የምልሽ ላሳፍርሽ አይደለም። ከራዲዮው ይልቅ የከበደሽ «ጥገና ላይ ነው» ያልሽው ቃል መስሎ ስለታየኝ ነው፤ እሱን ደግሞ ማንም ሳይረዳሽ ዛሬውኑ ልታወርጂው ትችያለሽ።

የጣልሽው አንቺ አይደለሽም። ይሁን እንጂ እማሆይ ራዲዮውን ለድርጅቱ አላዋሱትም፤ ለጎረቤት ልጅ ነው ያዋሱት። ስለዚህ ማናጀሩ ስልክ እስኪያነሳ ድረስ ነገሩ ተንጠልጥሎ መቆየት የለበትም። በአገራችን እንዲህ ሲሆን ሽማግሌ ይዞ መግባት ነውና፣ ሽማግሌው ደግሞ እቤትሽ አለ። «አባየ፣ የመሄዱ ነገር ይቆየንና እማሆይ ዘንድ አብረኸኝ ግባ» በያቸው። ራዲዮውን ከጆንያው አውጥታችሁ ይዛችሁት ግቡ። የሆነውን እንደሆነ ንገሪያቸውና ምን ቢደረግ ደስ እንደሚላቸው ጠይቂ። ምናልባት ራዲዮው ከተዘጋ ዘመን አልፎታል፤ ሳጥኑ ተጣብቆ ከነበረበት መደርደሪያ ቢመለስ ይበቃቸው ይሆናል። ያ ከሆነ ጎበዝ አናጢና መስታወት ቆራጭ ይጨርሱታል። ድምፁም ይመለስ ካሉ የድሮ ራዲዮ የሚያውቅ ጠጋኝ መፈለግ ሊኖርብሽ ነው፤ ነገሩ መርካቶ ድረስ ሊዘልቅ ይችላል። ወጪውን ከቻልሽ አንቺ ቀድመሽ አውጪና ደረሰኙን ያዢ።

ለድርጅቱ ደግሞ መደወሉን ትተሽ ጻፊ። የራዲዮውን ፎቶ፣ የተወሰደበትንና የወደቀበትን ቀን፣ ማናጀሩ የገባውን ቃል፣ የጥገናውን ወጪ በአጭሩ አስፍረሽ በቴሌግራም ላኪለት፤ ለፕሮዲውሰሩም እንዲሁ። ቁጣ አትጨምሪበት። ላይከፍሉሽ ይችላሉ፤ ብዙ ተስፋ አልሰጥሽም። ቢያንስ ግን የተጻፈ ነገር ይኖርሻል።

ስለ አንድ ራዲዮ ይህን ያህል ያስለፈለፈኝ ምክንያት አለ። የጠራሽ ሥራ እኩሌታው ይኸው ነው። ተመልካች የሚያየው ቤቱን፣ ቀለሙን፣ መስኮቱን ነው። ከጀርባው ግን አንድ ሰው እያንዳንዱን የውሰት ዕቃ ከመነሳቱ በፊት ከአራት በኩል ፎቶ አንስቶ፣ ከባለቤቱ ጋር ግምቱን ተስማምቶ፣ አስፈርሞ ተቀብሎ፣ ጠቅልሎ፣ ጭኖ፣ መልሶ ደግሞ አስፈርሞ ያስረክባል። በደንብ በሚሠራ ቡድን ውስጥ ለሚሰበርና ለሚጠፋ ዕቃ ከበጀቱ ላይ ቀድሞ የሚያዝ ገንዘብ አለ። እናንተ ዘንድ ይህ አልነበረም፤ በእሱ ፋንታ የነበረው አንቺ በጎረቤት ያለሽ ስም ነው። ስምሽን እንደ መያዣ ነው የተጠቀሙበት። አስበው አድርገውታል አልልም፤ ሆኖም ዋጋው ያረፈው አንቺ ላይ ነው።

«እውነት ሙያ ነው?» ላልሽው፣ አዎ፣ ያውም አንቺ ከተማርሽው ብዙ የማይርቅ ነው። «ፕሮዳክሽን ዲዛይነር» የሚለው ማዕረግ በፊልም ላይ መጻፍ የጀመረው በፈረንጆች 1939 ነው፤ አሜሪካዊው ዊልያም ካሜሮን ሜንዚስ የአንድ ትልቅ ፊልም ትዕይንቶችን ቀድሞ በሥዕል እየነደፈ የጠቅላላውን ምስል ስለመራ ከአርት ዳይሬክተር የሰፋ ስም ተሰጠው። የኦስካር ሽልማት እንኳ ዘርፉን «አርት ዳይሬክሽን» ማለቱን ትቶ «ፕሮዳክሽን ዲዛይን» ያለው በፈረንጆች 2012 ነው። በሙያው ስመ ጥር ከሆኑት ብዙዎቹ ከአርክቴክቸር፣ ከሥዕልና ከቴአትር የመጡ ናቸው። ውጭ አገር ፕሮዳክሽን ዲዛይነሩ ከላይ ሆኖ ከሥሩ ፕላኑንና ግንባታውን የሚከታተል አርት ዳይሬክተር፣ ቤቱን በዕቃ የሚሞላ ሌላ ባለሙያ፣ ተዋናዩ በእጁ የሚይዛትን ሲኒ ሳትቀር የሚጠብቅ የፕሮፕስ ኃላፊ፣ አናጢና ቀለም ቀቢ አሉት። እኛ ዘንድ አብዛኛውን ጊዜ ይህ ሁሉ አንድ ሰውና አንድ ረዳት ነው። ረዳቷ አንቺ ልትሆኚ ነው እንግዲህ፤ አባትሽ «ዕቃ ማመላለስ» ያሉት ፈጽሞ ሐሰት አይደለም።

ዕቃው ከመመላለሱ በፊት ግን ብዙ ነገር አለ፤ ለአባትሽ ልትነግሪያቸው የሚገባው እሱን ነው። ሥራው የሚጀምረው በንባብ ነው። ስክሪፕቱ ትዕይንት በትዕይንት ይበተናል፤ ቦታው የት ነው፣ ውስጥ ነው ውጭ፣ ቀን ነው ማታ፣ ዘመኑ መቼ ነው፣ የቤቱ ባለቤት ምን ያህል ሀብታም ነው፣ በዚህ ትዕይንት የሚሰበር ወይም የሚበላ ነገር አለ ወይ። ከዳይሬክተሩና ከካሜራ ባለሙያው ጋር ስለ ቀለምና ብርሃን ይመከራል። ቦታ ይታያል፣ ይለካል፣ ፕላን ይነሳል፣ በጀት ይወጣል። አንቺ ቢሮ የምትመረምሪው ቤት ለዘመናት እንዲቆም የሚሠራ ነው፤ ለቀረጻ የሚሠራ ቤት ግን አንዱ ግድግዳ ካሜራ እንዲገባበት ተነቃይ ሊሆን ይችላል፣ ጣራው ለመብራት ሲባል ክፍት ይተዋል። ልዩነቱ ይህ ሆኖ ሳለ ልኩ፣ መስመሩና የዕቃ ስሌቱ ያው የምታውቂው ነው።

አሁን የአያትሽን ዓይነት ክብ የሣር ቤት አስቢ። መሀሉ ላይ ምሶሶ ቆሟል፣ ዙሪያውን መደብ አለ፣ ጣራው ከውስጥ በጢስ ጠቁሯል። ለዓይን ግሩም ነው፤ ለካሜራ ግን መከራ ነው። በሩ ጠባብ ነው፣ ጥላሸቱ ብርሃኑን ሁሉ ይውጠዋል፣ ወደ ኋላ ሸሽቶ የሚቀረጽበት ቦታ የለም። ስለዚህ ያንኑ ቤት አስፍቶ መሥራት ሊያስፈልግ ነው። ጭቃው በጭድ ተቦክቶ ሲመረግ ደግሞ ለመድረቅ ቀናት ይፈልጋል፤ እርጥብ ግድግዳ በምስል ጠቁሮ ስለሚወጣ ነገ ቀረጻ አለ ተብሎ ዛሬ አይመረግም። በክረምት ከሆነማ የባሰ ነው። ይህን የሚያውቅ ሰው ቀረጻው ከመጀመሩ ብዙ ቀደም ብሎ መርጎ ይጠብቃል፤ የማያውቀው ቡድኑን ሙሉ ሥራ ያስፈታል። ጎጃም ያደገች አርክቴክት ይህን ከመጽሐፍ አትማረውም።

የሁለት መቶ ብሯ ነገር አስቆኛል፤ ግን ቀላል ነገር አይደለም። ያ ኖት የወጣው በ2013 ዓ.ም. መጀመሪያ ነው፤ በደርግ ጊዜ ትልቁ ኖት መቶ ብር ነበር፣ አንድ ብሩም ወረቀት እንጂ እንደ ዛሬው ሳንቲም አልነበረም። ሰው የሳቀው ትንሽ ነገር መስሎት ነው። ይህ ዓይን ካለሽ አገርሽን በዚያው ዓይን ዞረሽ እዪው። የጎጃሙ ንጉሥ ተክለ ሃይማኖት በ1873 ዓ.ም. ሲነግሡ የሚያሳይ ፊልም ቢሠራ፣ ዛሬ ደብረ ማርቆስን የከበበው ባሕር ዛፍ አንድም ቦታ መታየት የለበትም፤ ባሕር ዛፍ ወደ አገራችን የገባው በምኒልክ ዘመን፣ ከዚያ በኋላ ነው። ከተማው ራሱ መንቆረር እየተባለ ይጠራ ነበር። አዊ ሄደሽ ፋግታ ለኮማ ላይ የምታዪው ያ ሁሉ ዲከረንስ የሚባል የግራር ዓይነት ዛፍ ለከሰል የተስፋፋው በቅርቡ ነው፤ የደርግ ዘመን ታሪክ እዚያ ጫካ ፊት ለፊት ቆሞ አይቀረጽም። ደጀንን ወርዶ አባይን የሚሻገር የ1970ዎቹ አውቶቡስ ካለ፣ በሚሌኒየሙ ሰሞን የተመረቀው ባለ ገመዱ ድልድይ ከምስሉ መውጣት አለበት። የጣራው ሶላርና የዲሽ ሰሃኑም እንዲሁ። ይህን ከውጭ የመጣ ሰው ሁሉ አያየውም። የጠራችሽ ሴትም የፈለገችው ጉልበትሽን ብቻ አይመስለኝም።

ስለ እንጀራው ግን ላባብልሽ አልፈልግም። ሥራው ሲኖር እንቅልፍ የለም፤ ከሁሉ ቀድመሽ ገብተሽ ከሁሉ ኋላ የምትወጪው አንቺ ነሽ። ሳይኖር ደግሞ ለወራት ላይኖር ይችላል። ክፍያ ይዘገያል፣ አንዳንዴም ይቀራል፤ ራዲዮው ላይ የደረሰው በደመወዝ ላይም ይደርሳል። በጀት ሲያጥር መጀመሪያ የሚቀነሰው የአርት ክፍሉ ነው። ጡረታ የሚባል ነገር ራስሽ ካላጠራቀምሽ የለም። አባትሽ ዕድሜያቸውን ሙሉ በየወሩ ደመወዝ ተቀብለው ቤተሰብ ያቆሙ ሰው ናቸው፤ «በሥራው ይከፈለኛል» ስትያቸው የሚሰሙት «አንዳንዴ አይከፈለኝም» የሚለውን ነው። ተሳስተዋል ልልሽ አልችልም። እናትሽስ? ዝምታቸው ይብሳል ብለሻል፤ ግን ጠይቀሻቸዋል? የፈሩት ስለ ገንዘቡ ነው፣ ስለ መንገዱ ነው፣ ወይስ ብቻሽን አዲስ አበባ ማደርሽ? ሦስቱ ሦስት የተለያየ መልስ ይፈልጋሉ። ማጀት ገብተሽ ብቻቸውን አነጋግሪያቸው፤ አባትሽ ባሉበት ላይናገሩ ይችላሉ።

ስለዚህ እኔ የምመርጥልሽ ሥራሽን ለቀሽ መሄድን አይደለም፤ ቀርተሽ ስትቆጪ መኖርንም አይደለም። ለአንድ ሥራ ብቻ ሂጂ። መሥሪያ ቤትሽ ያለ ደመወዝ ፈቃድ ይሰጥ እንደሆነና ለምን ያህል ጊዜ እንደሚሰጥ የሰው ኃይል ክፍሉን አሁኑኑ ጠይቂ፤ የቀረሽን የዓመት ፈቃድም ደምሪበት። የማይፈቅዱ ከሆነ አርት ዳይሬክተሯን ለመጀመሪያው ምዕራፍ፣ ማለትም ለስክሪፕት ብተናውና ለዕቃ ዝርዝሩ፣ ከደብረ ማርቆስ ሆነሽ ልትሠሪላት ትችይ እንደሆነ ጠይቂያት። ፕላን መንደፍና ዝርዝር ማውጣት በኮምፒውተር የሚሆን ነው። ለወንድምሽ የምትልኪውን ደግሞ ቢያንስ የሦስት ወሩን ለይተሽ ባንክ ሳታስቀምጪ አትነሺ። እሱም ይወቅ፤ እህቱ ለእሱ ስትል ምን እንዳቆየች ሰምቶ ወጪውን የሚያሳጥር ልጅ ሊሆን ይችላል።

አሁን ወደ ደወለችልሽ ሴት። ደብዳቤሽን ደጋግሜ ሳነብ አንድ ነገር አጣሁ፤ ስለ ራዲዮው ለእሷ ነግረሻታል ወይ? ማናጀሩን እንጂ እሷን ስትጠይቂ አላየሁም። ዕቃው የተዋሰው ለእሷ ክፍል ነው፤ ሲወድቅ እዚያው ነበረች ወይስ አልነበረችም? ደውለሽ ከክፍያውም ከማዕረጉም በፊት ይህን አንሺላት። «እማሆይ ዘንድ ሄጄ ነበር፤ ራዲዮው እስካሁን አልተሠራም፤ ምን እናድርግ?» በያትና የምትመልሰውን ስሚ። «ውይ፣ አላወቅሁም ነበር፣ እኔ አነጋግራቸዋለሁ» ብላ በማግሥቱ ከደወለች፣ ወይም ከኪሷም ቢሆን ጥቂት ከላከች፣ ሙያ ልትማሪባት የምትችይ ሰው ናት። «ተይው እባክሽ፣ ያለፈ ነገር ነው» ካለችሽ ግን እኔ አትሂጂ እልሻለሁ። ነገ በሌላ ሰፈር ከሌላ እናት ዕቃ ለምነሽ የምታመጪላት አንቺ ነሽና። ሌላ አርት ዳይሬክተር ይገኛል፤ ጎረቤት ግን እንደልብ አይገኝም።

የመጀመሪያው ከሆነ፣ ማለትም መልሷ ደስ ካሰኘሽ፣ ውል ጠይቂ። ወረቀቱ አንድ ገጽ ቢሆን ይበቃል። የሚከፍልሽ እሷ ናት ወይስ ድርጅቱ? ስንት ቀን ነው የምትሠሪው፣ ከዚያ ካለፈስ? ከክፍያው የመጀመሪያው ክፍል ከመነሳትሽ በፊት ይሁን፤ የመጨረሻው ደግሞ ቀረጻው ከማለቁ በፊት እንጂ «ድራማው ሲታይ» አይሁን። የት ነው የምታድሪው፣ ማታ ከቀረጻ ማን ይመልስሻል? ይህን ለመጠየቅ አትፈሪ፤ ሴት ልጅ ስለ ማደሪያዋ ስትጠይቅ የሚከፋው ድርጅት ቀድሞ ቢታወቅ ይሻላል። ስምሽ በድራማው ማብቂያ ላይ በምን ማዕረግ ይጻፋል? ለሚዋሱት ዕቃዎች የተያዘ ገንዘብ አለ? መንገዱን በተመለከተ ከእኔ ይልቅ አንቺ ታውቂዋለሽ፤ አስተማማኝ በሆነ ሰሞን እንጂ ሰዓት ደረሰ ተብሎ አትሳፈሪ።

እስከዚያው እጅሽ ሥራ አይፍታ። ቢሮሽ ለመንገድና ለአዲስ ግንባታ ሲባል የሚፈርሱ አሮጌ ቤቶችን ዝርዝር ቀድሞ ያውቃል አይደል? ከመፍረሳቸው በፊት ባለቤቶቹን አስፈቅደሽ ለኪያቸው፣ ፎቶ አንሺያቸው። በሩን፣ ማጠፊያውን፣ የመስኮቱን ፍርግርግ፣ የግድግዳውን ቀለም ከነመላላጡ መዝግቢ። ነገ የጎጃምን ከተማ ቤት መሥራት የሚፈልግ ዳይሬክተር ሁሉ የሚፈልገው ይህን ነው፤ እኔ እስከማውቀው በአንድ ቦታ ተሰብስቦ አልተቀመጠም። ከእነዚህ ቤቶች አንዱን ሳሎን ምረጪና በሦስት ዘመን ንደፊው፤ በንጉሡ፣ በደርግና ዛሬ። ግድግዳው ላይ የተሰቀለው ፎቶ ይለወጣል፣ ወንበሩ ይለወጣል፣ መብራቱ ከኩራዝ ወደ አምፖል ይሄዳል፤ ምናልባት የማይለወጠው የቡናው ረከቦት ይሆናል። ያ ሦስት ሥዕል ከማንኛውም የትምህርት ማስረጃ ይልቅ አዲስ አበባ ላይ በር ይከፍትልሻል።

ትምህርት ካማረሽ እሱም አለ፣ ግን አሁን አትቸኩይበት። አንድ ሥራ ሠርተሽ ከወደድሽው በኋላ በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የቴአትር ጥበባቱንም፣ በሠዓሊ አለ ፈለገ ሰላም ስም የተሰየመውን የሥነ ጥበብና ዲዛይን ትምህርት ቤትም ሄደሽ ጠይቂ። የቴአትሩ ትምህርት ቤት በቀኝ ጌታ ዮፍታሔ ንጉሤ ስም የተሰየመ ነው፤ የደብረ ኤልያሱ ባለቅኔ ናቸው። አባትሽ መምህር ናቸውና ዮፍታሔን እኔ አላስተዋውቃቸውም። በዚያ ዘመን ከቅኔ ቤት ወጥቶ ቴአትር መጻፍ ለወላጅ ምን ይመስል እንደነበር ግን አንድ ማታ ቁጭ ብለሽ ጠይቂያቸው። ልትረቺያቸው አትሞክሪ። የምትሠሪውን ስክሪፕት ሲሰጡሽ አንድ ቅጂ አምጪላቸውና፣ በደርግ ጊዜ የመምህር ቤት ምን ምን ዕቃ እንደነበረው ያሰልፉልሽ፤ ያን ዘመን ኖረውበታል፣ አንቺ ደግሞ ያን ዝርዝር በእርግጥ ያስፈልግሻል።

ለእማሆይ የምትሄጂበት ቀን የፊታችን እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ቢሆን ጥሩ ነው፤ ለአርት ዳይሬክተሯም ሰኞ ደውይላት። ከሁለቱ የሰማሽውን ጻፊልኝ፤ ውሉ ከመጣም ከመፈረምሽ በፊት ግልባጩን ላኪልኝ፣ አብረን እናየዋለን።